ቃሬዛ የሚያልፍበት መንገድ

በቀድሞ ተማሪዎች ማኅበር የመገናኛ ቀን የቀረበ ንግግር



አዘጋጆቹ «ስለ ሥራሽ ንገሪን» ሲሉኝ ስለ ቀዶ ሕክምና የማወራ መስሏቸው ነበር። እኔ ግን የማወራችሁ ስለ መንገድ ነው።

ተማሪ ሳለን ሰሜን ተራሮች የሄድንበትን ጊዜ ታስታውሳላችሁ? ከሳንቃበር ወደ ጨነቅ ስንጓዝ መሪ ነበረን፣ ስካውት ነበረን፣ ስንቃችንን የተሸከመች በቅሎ ነበረችን። የት ውኃ እንዳለ፣ የት እንደምናድር አስቀድሞ የታወቀ ነው። ሰሜን እ.ኤ.አ. በ1978 በዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ስፍራ ነውና መንገዱን ብዙ ሰው ጽፎታል።

የኔ አገር ተራራ እንዲህ አልታደለም። የተወለድኩት በመካነ ሰላም በኩል፣ ማሻ ነው። ከዚያ ብዙም ሳይርቅ የቦረና ሳይንት ወረሂመኑ ብሔራዊ ፓርክ አለ፤ እኛ የምናውቀው ደንቆሮ ጫካ በሚለው ስሙ ነው። አትሳቁ፣ ስሙ ነው! ከ1,900 ሜትር አካባቢ ተነስቶ እስከ 3,700 ሜትር ገደማ ይወጣል። ከታች ጥቅጥቅ ያለ ደን ነው፤ ከፍ ሲል ኮሶ፣ አምጃና አስታ፤ ከዚያ በላይ ጓሳና ጅብራ። ጭላዳና ቀይ ቀበሮ አለበት። ለጎብኚ እጅግ ያምራል። በቃሬዛ ለምትጓዝ ወላድ ግን ሌላ አገር ነው።

ከዓመታት በፊት፣ በአካባቢው ባለ አንድ ሆስፒታል ተረኛ ሆኜ፣ ከጫካው ማዶ አንዲት እናት አመጡልኝ። ቤቷ ወልዳ የእንግዴ ልጁ ቀርቶባት ደም ሲፈሳት አድሯል። ልብሷ ርሷል፣ ገላዋ በረዶ ሆኗል። እኔ ከሕክምናው እኩል የተሸከሟትን የቅሬ ሰዎች እቆጣ ነበር። «እስካሁን የት ነበራችሁ? ሰው እንዲህ እስኪሆን ይጠበቃል?» አልኩ። አንድ ሽማግሌ ላባቸውን እየጠረጉ፣ «ልጄ፣ እኛ እኮ አንድም ጊዜ አልተቀመጥንም» አሉኝ። እናቲቱ ጎሕ ሳይቀድ አረፈች።

በሦስተኛው ሳምንት እኚያ ሽማግሌ ተመለሱ። አስከሬኑ የተሸፈነበትን የሆስፒታሉን ብርድ ልብስ አጥበው፣ አጥፈው፣ ሊመልሱ ነው የመጡት። ምን እንደምል ጠፋኝ። በመጨረሻ «አባ፣ መንገዱን ያሳዩኛል?» አልኳቸው።

ባዶ እጄን፣ በደህና እግሬ፣ በቀን ብርሃን ሰባት ሰዓት ተኩል ፈጀብኝ። እነሱ በሌሊት፣ በዝናብ፣ ሰው ተሸክመው ነው የመጡት። ሁላችንም ተምረነዋል፦ ከወሊድ በኋላ የሚመጣ ከባድ መድማት በሁለት ሰዓት ውስጥ ሊገድል ይችላል። በዚያ ከፍታ የአየሩ ግፊት ከባሕር ጠለል ሁለት ሦስተኛው ገደማ ነው። በየ1,000 ሜትሩ ሙቀቱ ወደ ስድስት ዲግሪ ይወርዳል፤ ገላ ሲቀዘቅዝ ደግሞ ደም በደንብ አይረጋም። ስለዚህ ያቺ እናት የደም ማነስና ብርዱን አንድ ላይ ይዛ ነው ጋራውን የተሻገረችው። መጽሐፋችን ሦስቱ መዘግየቶች ይላል፦ ለመወሰን፣ ለመድረስ፣ ሕክምና ለማግኘት። እኔ ሁለተኛውን ለፈተና ሸምድጄው ነበር እንጂ ሄጄበት አላውቅም ነበር።

ከዚያ ወዲህ እረፍት ባገኘሁ ቁጥር ከሽማግሌውና ከእረኞች ጋር እየዞርኩ መጻፍ ጀመርኩ። ኮሎራዶ ያለው የክፍላችን ልጅ የአንድ በረዶ መንሸራተቻ ተራራ ካርታ ላከልኝ። ቀላሉ መንገድ አረንጓዴ፣ መካከለኛው ሰማያዊ፣ ከባዱ ጥቁር ነው። ደረጃው የሚሰጠው በዚያው ተራራ ካሉት ሌሎች መንገዶች ጋር ተነጻጽሮ ነው። የተጎዳ ሰው በሸርተቴ አልጋ የሚያወርዱ ሠራተኞችም አሉ። እውነቱን ልናገር፣ መጀመሪያ ቀናሁ። ለመዝናኛ ይህን ያህል ከተጨነቁ ለወላድስ?

እኔም ቀለሞቹን ወሰድኩ። በቅሎ ሕመምተኛ ጭና የምታልፍበትን አረንጓዴ አልኩት። በአራት ሰው ቃሬዛ፣ ትከሻ እየተቀያየሩ የሚታለፈውን ሰማያዊ፤ ዝናብ ከጣለ ጭራሽ የማይሞከረውን ጥቁር። ምንጩን፣ ከዝናብ የሚያስጠልለውን ዋሻ፣ ተሸካሚ የሚቀያየርበትን ጠፍጣፋ ድንጋይ፣ ስልክ የሚይዝበትን አንገት፣ አምቡላንስ ቆሞ ሊጠብቅ የሚችልበትን ሜዳ መዘገብኩ። ቦታዎቹን ሁሉ እረኞቹ በሚጠሯቸው ስም ጻፍኳቸው፤ ስልክ የሚደውለው ሰው የሚያውቀው ያንን ስም ነውና።

ወረቀቱን ለጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኞችና ለአምቡላንስ ሹፌሩ ሰጠሁ። አሁን ሲደወል ሹፌሩ «በየት በኩል እየመጣችሁ ነው?» ብሎ ይጠይቃል፤ በዚያ በኩል ሄዶም ይጠብቃል። መንገዷ ጥቁር የሆነባት እናት ክረምት ሳይገባ፣ ቀኗ ሳይደርስ፣ እናቶች ማቆያ እንድትመጣ እንመክራለን። ሁሉን አዳነ አልልም። ከዚያ በኋላም በእጄ ያለፉ አሉ። ግን «ለምን ዘገያችሁ?» ብዬ የጮህኩበት ቀን አልተደገመም።

ወንድሞቼ፣ እህቶቼ፣ ከናንተ ገንዘብ ልለምን አልመጣሁም። (ብትሰጡ እምቢ አልልም!) የምለምነው አንድ ነገር ነው። የትም ሥሩ፣ ሕመምተኛ ሲመጣ ካርዱ ላይ አንድ መስመር ጨምሩ፦ በየት መጣ፣ ስንት ሰዓት ፈጀበት? ሕመምተኛችሁን ወደ ቤቱ ስትሸኙም «በሳምንት ተመለስ» ከማለታችሁ በፊት ያንን መስመር አንብቡት።

ሽማግሌው ዛሬም አሉ። ወደዚህ ስመጣ ለጓደኞችሽ ምን ልበልልዎ ብላቸው፣ «አብሽሩ በያቸው፣ አንድ ቀን መጥተው መንገዱን ይዩት» ብለዋል። መምጣት ለምትፈልጉ ጥቅምት ጥሩ ወር ነው፤ ጭቃው ይደርቃል፣ ጉሙም ይገለጣል። ጠንካራ ጫማና ወፍራም ጋቢ ይዛችሁ ኑ።