ያየነውና የተማርነው፤ ስለ አዲስ አበባ ዘመናዊ ሕንፃዎች

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ የዐሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪዎችን በመወከል የተደረገ ንግግር)



በዛሬው በዓል ስለ ትምህርት ቤታችን ያለፈ ታሪክ ሊናገሩ የሚችሉ ብዙ አዋቂዎች በመካከላችን አሉ። እኛ የዘንድሮ ተሰናባቾች ግን ዕድሜአችን ገና ዐሥራ ስምንት ስለ ሆነ፥ ስላለፈው ዘመን ብንተርክ የሰማነውን ከመድገም አናልፍም። ስለዚህ በዓይናችን ያየነውን መናገር መረጥን። ይኸውም በዕረፍታችን ወራት ወደ አዲስ አበባ ሄደን የከተማይቱን ዘመናዊ ሕንፃዎች የጐበኘንበት ጉዞ ነው። ነገሩ የሽርሽር ወሬ ብቻ እንዳይመስላችሁ አደራ እንላለን፤ ዛሬ ከተቀመጥንበት ከዚህ አሮጌ አዳራሽ ጋር የሚያገናኘው ጉዳይ አለውና።

ከእኛ አብዛኞቹ አዲስ አበባን ከዚህ በፊት አይተዋታል። ነገር ግን ማየት ሌላ፥ ማስተዋል ሌላ ነው። ዘመድ ሊጠይቅ ወይም ሊታከም የሄደ ሰው ዓይኑ ታክሲውን እንጂ ሕንፃውን አይመለከትም። ስለዚህ ከየኪሳችን አዋጥተን ለሁለት ቀን የሚመራን አንድ አስጎብኚ ቀጠርን። እኒህ ሰው በጡረታ የሚኖሩ የሕንፃ ፕላን ነዳፊ ናቸው፤ እኛም «ጋሼ» እያልን ጠራናቸው፥ እርሳቸውም «ልጆቼ» አሉን። ለብዙ ሕዝብ የሚናገር አስጎብኚ ያጠናውን እንደ ዳዊት በቃሉ ይደግማል፤ የራስ አስጎብኚ ግን ሲጠይቁት ይቆማል፥ ሲጠራጠሩም መልሶ ይጠይቃል። እኛም ከተነገረን ይልቅ የተጠየቅነው በለጠን።

ጋሼ መጀመሪያ ሦስት ትእዛዝ ሰጡን። አንደኛ፥ ሕንፃውን ከማዶ ቆማችሁ እዩት፤ ሁለተኛ፥ ቀርባችሁ ግድግዳውን ዳስሱት፤ ሦስተኛ፥ የዝናቡ ውሃ በየት እንደሚወርድና ፀሐይ በየት እንደምትገባ መርምሩ፤ ከዚያ በኋላ «ያምራል» ወይም «አያምርም» በሉ።

ጉዞአችንን የጀመርነው ከቸርችል ጎዳና ራስ፥ ከማዘጋጃ ቤቱ ነው። ይህን ሕንፃ በ1950ዎቹ የነደፈው ሥራውን በአሥመራ የጀመረው ጣሊያናዊው አርቱሮ ሜዜዲሚ ነው። ሕንፃው በኮረብታው ዐናት ላይ ቆሞ ቁልቁል ወደ ለገሃር ይመለከታል። ለገሃር በ1922 ዓ.ም. የተመረቀው የምድር ባቡር ጣቢያ ነው። እንግዲህ በመንገዱ በላይኛው ጫፍ የከተማው አስተዳደር፥ በታችኛው ጫፍ የጥንቱ የባቡር መድረሻ፥ በመካከላቸውም ቀጥ ያለ ጎዳና አለ ማለት ነው። ከተማ በአንድ ሐሳብ ሊታነጽ እንደሚችል የገባን በዚያ ከፍታ ላይ ስንቆም ነው።

ቁልቁል እየወረድን ጋሼ የኮንክሪትን ነገር አስረዱን። ኮንክሪት ሲጫኑት ይችላል፥ ሲስቡት ግን ይሰነጠቃል፤ ብረት ደግሞ ሲስቡት ይችላል። ሁለቱን አንድ ላይ ያዋሐደ ሰው ግድግዳውን ከሸክም ነፃ አወጣው፤ ሸክሙን ምሰሶዎች ስለሚይዙት ግድግዳው እንደ መጋረጃ ቀላል ሊሆን ቻለ። ዘመናዊ የሚባለው ሕንፃ ረዣዥም መስኮትና ሰፊ አዳራሽ ያገኘው ከዚህ የተነሣ ነው። በፊዚክስ ክፍል ስለ መሳብና ስለ መግፋት የተማርነው ሁሉ በመንገድ ዳር ቆሞ ሲጠብቀን አገኘነው።

ከዚህ ቀጥሎ ወደ ብሔራዊ ቴአትር ደረስን። ሕንፃው በጠላት ወረራ ዘመን ሲኒማ ሊሆን ተጀምሮ ሳይፈጸም ቀርቶ ነበር። በኋላ ፈረንሳዊው አንሪ ሾሜት መልኩን ለውጦ ለንጉሠ ነገሥቱ የሃያ አምስተኛ ዓመት የዘውድ በዓል በ1948 ዓ.ም. አደረሰው። በአቅራቢያው የቆመውን ታላቅ የድንጋይ አንበሳ የቀረጸው ደግሞ ፈረንሳዊው ሞሪስ ካልካ ነው። ጋሼ «ከዚህ ምን ተማራችሁ?» ብለው ጠየቁን። ከእኛ አንዱ፥ ጠላት የጀመረውንም ቢሆን ለራስ ጥቅም አድርጎ መፈጸም ይቻላል ሲል መለሰ። ጋሼም ፈገግ ብለው አለፉ።

ሾሜት ከነደፋቸው አንዱ የሆነው ክቡ የንግድ ባንክ ሕንፃም በዚያው አካባቢ ይገኛል። ብዙዎቻችን «የገጠር ጎጆ ይመስላል» አልን። ጋሼ ግን ነዳፊው ያላሰበውን በአፉ እንዳናስገባ አስጠንቅቀው፥ በዓይን የሚታየውን ብቻ እንድንናገር አዘዙን። የሚታየውም ይህ ነው፦ በክብ ቤት ውስጥ ጥግ ስለሌለ ከሰው ወደ ኋላ የሚቀር ሰው የለም። ከጐኑ ደግሞ ከ200 ሜትር በላይ የሚረዝመው የባንኩ አዲስ ዋና መሥሪያ ቤት ቆሟል፤ እርሱም የካቲት 6 ቀን 2014 ዓ.ም. ተመረቀ። አያትና የልጅ ልጅ ጎን ለጎን ሲቆሙ ቁመታቸው እንደሚለያይ፥ ደማቸው ግን አንድ እንደ ሆነ ሁሉ፥ እነዚህም አንድ መሥሪያ ቤት ናቸው። አዲሱ እንዲቆም አሮጌው መፍረስ አላስፈለገውም። ይህን ነጥብ እባካችሁ በልባችሁ ያዙልን።

በማግሥቱ በፍል ውሃ በኩል አለፍን። አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ስትቈረቈር እቴጌ ጣይቱን ከእንጦጦ ወደ ታች የሳበው ይኸው የሞቀ ውሃ ነው። የፍል ውሃን መታጠቢያና የውጭ ጉዳይ ሚኒስቴርን ሕንፃ በጋራ የነደፉት እስራኤላዊው ዛልማን ኤናቭና የአገራችን ልጅ ሚካኤል ቴድሮስ ናቸው።

ረጅም ጊዜ የቈየነው ግን በአፍሪካ አዳራሽ ነው። ጋሼ አስቀድመው ፈቃድ ጠይቀውልን ነበር። ይህም የሜዜዲሚ ሥራ ነው፤ በዐሥራ ስምንት ወር ገደማ ተሠርቶ ጥር 29 ቀን 1953 ዓ.ም. ተመረቀ። ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. የአፍሪካ አንድነት ድርጅት በአዲስ አበባ ሲመሠረት መሪዎቹ የተሰበሰቡት በዚህ አዳራሽ ነው። በመግቢያው ያለው የአፈወርቅ ተክሌ የባለ ቀለም መስታወት ሥዕል 150 ካሬ ሜትር ስፋት አለው፤ በሦስት ተከፍሎም ያለፈችውን፥ ያለችውንና የምትመጣውን አፍሪካ ያሳያል። ፀሐይ በመስታወቱ ስታልፍ ቀይና ቢጫ ብርሃን በወለሉ ላይና በልብሳችን ላይ ወደቀ፤ ለጥቂት ጊዜ ሁላችንም ዝም አልን። ጋሼም ሠዓሊው በወጣትነቱ ወደ እንግሊዝ አገር የተላከው የማዕድን ምሕንድስና ሊማር እንደ ነበረ፥ በኋላ ግን ወደ ሥነ ጥበብ እንደ ዞረ ነገሩን። የወደፊት ትምህርታችንን የምንመርጥበት ዓመት ስለ ሆነ ይህ ቃል ከእኛ ብዙዎቹን ነካ።

አዳራሹ ዕድሜ ሲጫነው እንዲፈርስ አልተደረገም። የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ለብዙ ዓመታት ሲያድሰው ቈይቶ በ2017 ዓ.ም. እንደገና ተከፈተ። የውጭ ግድግዳውን ያለበሱት ጥቃቅን ሸክላዎች እንኳ የጥንቱን መጠንና ቀለም በያዙ አዳዲስ ሸክላዎች ተተክተዋል። ማደስ ከመሥራት የማያንስ ጥበብ እንደ ሆነ የተማርነው እዚህ ነው።

የመጨረሻው ጉብኝታችን የአፍሪካ ኅብረት ዋና መሥሪያ ቤት ነበር። በቻይና መንግሥት ስጦታ፥ በ200 ሚሊዮን ዶላር ተሠርቶ ጥር 19 ቀን 2004 ዓ.ም. ተመረቀ። የግንቡ ቁመት 99.9 ሜትር ሲሆን፥ ቍጥሩ ኅብረቱን ለማቋቋም የሲርት መግለጫ የወጣበትን 9-9-1999 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ያስታውሳል። የቆመበት ቦታ ግን ቀድሞ ዓለም በቃኝ የሚባለው እስር ቤት ነበር። እስር ቤቱ ዛሬ የለም። ብዙ ሰው የተሠቃየበት ቦታ የመላው አፍሪካ መሰብሰቢያ መሆኑ አስደሰተን፤ ነገር ግን የቆየው ግድግዳ በጠቅላላ ከጠፋ በኋላ ልጆች በምን ያስታውሱታል የሚለው ጥያቄ በመካከላችን ተነሣ።

በዚያው ምሽት ብርቱ ክርክር ተደረገ። አንዳንዶቻችን፥ እነዚህን ሕንፃዎች የነደፉት ጣሊያኖች፥ ፈረንሳውያንና እስራኤላውያን ስለ ሆኑ የእኛ ቅርስ ሊባሉ አይችሉም አልን። ሌሎቻችን ደግሞ፥ ድንጋዩን የፈለጠው፥ ብረቱን ያሰረው፥ ግብሩንም የከፈለው የአገር ሰው ነው ስንል ተከራከርን። ጋሼ ሁለቱንም ወገን ከሰሙ በኋላ አንድ ጥያቄ ብቻ ጠየቁ፦ «በቤቱ ውስጥ ስንት ዓመት ከኖራችሁ በኋላ ነው ቤቱ የእናንተ የሚሆነው?» ማንም አልመለሰም። በ2016 ዓ.ም. በፒያሳ ብዙ አሮጌ ቤቶች ለመንገድና ለልማት ሲባል ፈርሰዋል። ከፈረሱት ማደግ የሚገባው የትኛው፥ መታደስ የሚገባው የትኛው እንደ ነበረ ለመመዘን ግን አስቀድሞ ማወቅ ያስፈልጋል፤ ያላወቁትን ነገር ሊመዝኑት አይቻልምና።

ክቡራን ወላጆች፤

አሁን ወደ ራሳችን ጉዳይ እንመለሳለን። ይህ የድንጋይ አዳራሽ ፈርሶ በምትኩ አዲስ እንዲሠራ እናንተ በድካማችሁ ካገኛችሁት ገንዘብ እያዋጣችሁ መሆናችሁን እናውቃለን። አዳራሹ በክረምት እንደሚያፈስ፥ ከኋላ ለተቀመጠም ድምፅ እንደማይሰማው ማንም አይክድም። እኛም ለትዝታ ስንል ታናናሾቻችን በዝናብ ይቀመጡ አንልም። ነገር ግን ሦስት ነገር በትሕትና እንለምናለን።

አንደኛ፥ ግድግዳውና መሠረቱ በባለሙያ ይመርመር። ጣራው ብቻ ታድሶ የሚበቃ እንደ ሆነ የማደሻውና የአዲሱ ዋጋ ጎን ለጎን ተጽፎ ለወላጆች ይቅረብ። አደጋ ያለበት ሆኖ ከተገኘ ግን ይፍረስ፤ ከድንጋይ ይልቅ ሰው ይበልጣልና።

ሁለተኛ፥ ቢፈርስም ባይፈርስም አስቀድሞ ተለክቶ በወረቀት ላይ ይንደፍ። ጋሼ አለካኩን ስላስተማሩን እኛ በሜትር መለካት ጀምረናል፤ ከመሰናበታችን በፊት ፕላኑን ለቤተ መጻሕፍታችን እናስረክባለን።

ሦስተኛ፥ አዲስ የሚሠራ ከሆነ ለፀሐይዋ ይታሰብ። አገራችን ለምድር ወገብ ቅርብ ስለ ሆነች ፀሐይ በቀትር ከዐናት በላይ ትቆማለች፤ በጧት ከምሥራቅ፥ በማታ ከምዕራብ ግን ዝቅ ብላ በመስኮት ትገባለች። ስለዚህ ሰፊዎቹ መስኮቶች በሰሜንና በደቡብ ቢሆኑ፥ ክዳኑም ወደ ውጭ ወጣ ቢል፥ ያለ ብዙ ወጪ ቀዝቃዛ ቤት ይገኛል። በምዕራብ በኩል ትልቅ መስታወት ማድረግ ግን ሙቀት መሰብሰብ ነው።

ከእኛ መካከል ሁለቱ ከዚህ ጉዞ በኋላ የሕንፃ ጥበብ ለመማር ቈርጠዋል። ይህን ሙያ የሚያስተምረው የአዲስ አበባው የሕንፃ ኮሌጅ ኢትዮጵያና ስዊድን በመተባበር እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1954 ያቋቋሙት ነው። የቀረነውም በየሙያችን ስንሰማራ፥ የምንገባበትን ቤት ማን እንደ ሠራው፥ በምን እንደ ሠራው፥ ለማንስ እንደ ሠራው ሳንጠይቅ እንዳንገባ ቃል ተገባብተናል።

 ታናናሾቻችን ሆይ፥ ሜትሩንና የጀመርነውን ደብተር በቤተ መጻሕፍቱ እንተውላችኋለን፤ ከዚህ አዳራሽ ቀጥሎ ያለውን የመማሪያ ክፍል እናንተ ለኩት።