ካርታን በድርና በማግ፤ ስለ ሸማኔው ሪቻርድ ሂክስ የተደረገ ንግግር



ዛሬ ልንናገር የምንወደው ስለ ንጉሥ ወይም ስለ ጦር ጀግና ሳይሆን ስለ አንድ ሸማኔ ነው።

ሪቻርድ ሂክስ በ16ኛው መቶ ዓመት በእንግሊዝ አገር ባርቼስተን በምትባል መንደር ይኖር ነበር። ዊልያም ሼልደን የተባለ ባለጸጋ የሽመና ሥራ ቤት አቋቁሞ አለቅነቱን ለእርሱ ሰጠው። በኋላም የባለጸጋው ልጅ ራልፍ ለቤቱ ግድግዳ የ4 አውራጃዎችን ካርታ የያዙ ታላላቅ መጋረጃዎች አሠራ፤ እነዚህም በሂክስ ሥራ ቤት እንደ ተሠሩ ይገመታል።

ክሪስቶፈር ሳክስተን አገሩን ዞሮ በ1579 (እንደ አውሮፓ አቆጣጠር) የካርታ መጽሐፍ አሳትሞ ነበር። ሸማኔዎቹ ያንን ተመልክተው ወንዙን፣ ድልድዩንና ጫካውን በሱፍና በሐር ፈትል ሠሩት። እያንዳንዱ ቀለም የራሱን ስፍራ ብቻ ስለሚሸፍን፣ አንድ ማግ ቢስት መንደሩ ከቦታው ይወጣል። ከመጋረጃዎቹ ከፊሎቹ ዛሬ በኦክስፎርድ በቦድሊያን ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ።

ይህን ለምን እናነሣለን? በአገራችን ሸማኔ «ቁጢት በጣሽ» እየተባለ ይሰደብ ነበር። ዳግማዊ አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባወጡት አዋጅ ሠራተኛን በሙያው መስደብን ከለከሉ። ነገር ግን ስድቡ ከአንደበት ቢጠፋም ከልብ ካልወጣ ምን ይጠቅማል? ከመካከላችን የአባቱን ሙያ ሲጠየቅ አንገቱን የሚደፋ ተማሪ ቢኖር፣ ኀፍረቱ የእርሱ ሳይሆን የእኛ የሁላችን ነው።

እኛ ዘንድሮ ትምህርታችንን የምንፈጽም ተማሪዎች ብዕር ይዘን እንወጣለን። ብዕሩ መወርወሪያውን እንዳይንቅ አደራ እንላለን።