ወደ ኋላ የኖረው መምህር፦ የመርሊን ሕይወትና የጊዜ ዕውቀቱ
(በሕዝባዊ ገለጻ መርሐ ግብር ላይ የቀረበ ንግግር)



ዛሬ የማቀርብላችሁ በምድር ላይ ያልኖረን የአንድ ሊቅ የሕይወት ታሪክ ነው። ስሙ መርሊን ይባላል፤ ጠንቋይም የንጉሥ አስተማሪም ነበር። የሞንማውዙ ጄፍሪ በ12ኛው ክፍለ ዘመን፣ ቶማስ ማሎሪም እ.ኤ.አ. በ1485 በታተመው መጽሐፉ ስለ እርሱ ጽፈዋል። በእነርሱ ዘንድ መርሊን መጪውን የሚያየው እንደ ነቢይ ነው። እንግሊዛዊው ደራሲ ቲ. ኤች. ኋይት ግን በ1938 ባሳተመው «ሰይፉ በድንጋዩ ውስጥ» በተሰኘው ልብ ወለዱ፣ በ1958 በወጣው ጥቅል ሥራውም ለዚህ ዕውቀት ሌላ ምክንያት ሰጠው። መርሊን የተወለደው በጊዜ መጨረሻ በኩል ነው። እኛ ወደ ነገ ስንጓዝ እርሱ ወደ ትናንት ይጓዛል፤ መጪውን የሚያውቀውም ስለኖረበት ነው።

የአማርኛ ተናጋሪ ይህን ለመረዳት ብዙ የሚቸገር አይመስለኝም። «በፊት» ስንል ያለፈውን፣ «ወደፊት» ስንል የሚመጣውን እናመለክታለን፤ ቃሉ ግን ያው «ፊት» ነው። «በኋላ» ገና የሚመጣ ሲሆን «ወደ ኋላ» መመልከት ያለፈውን ማየት ነው። እኛ ይህን ሳንደናገር በየቀኑ እንናገረዋለን። መርሊን የሚደናገረው እዚሁ ላይ ነው።

ልጁ አርተር፣ ያን ጊዜ ዋርት የሚባለው፣ ጫካ ውስጥ ጠፍቶ ሳለ ከሊቁ ጎጆ ይደርሳል። ቁርስ ይቀርብለታል፤ ሽማግሌውም ስለ አኗኗሩ ያጫውተዋል። በመካከሉ ይህን ቀደም ብሎ ነግሮት እንደሆነ ልጁን ይጠይቀዋል። ልጁም የተገናኙት ገና ከግማሽ ሰዓት በፊት መሆኑን ይነግረዋል። ይህን ሲሰማ የሽማግሌው ዕንባ በአፍንጫው ላይ ይወርዳል። ኋይት በዚህ ቦታ ማብራሪያ አይጨምርም። ለልጁ የትውውቅ መጀመሪያ የሆነው ሰዓት ለመምህሩ የስንብት ሰዓት ነው፤ ዋርት ገና ሊወደው ሲል እርሱ ሊለየው ግማሽ ሰዓት ቀርቶታል።

በእርግጥ ደራሲው ይህን ሥርዓት እስከ መጨረሻው አልጠበቀውም። በእውነት ወደ ኋላ የሚኖር መምህር ትናንት ያስተማረውን ዛሬ ማስታወስ ባልቻለ ነበር፤ መርሊን ግን ዋርትን አንዴ ዓሣ፣ አንዴ ጭልፊት እያደረገ በተከታታይ ያስተምረዋል። ይህ ጉድለት ነው የሚል ሰው አይሳሳትም። እኔን ብዙ አያስጨንቀኝም፤ ኋይት እስከ 1936 ድረስ በትምህርት ቤት ያስተማረ ሰው ነበርና፣ ከጊዜ ስሌት ይልቅ የመምህርነት ጣጣ አሳስቦት እንደነበር እገምታለሁ።

ያ ጣጣ የሚገለጠው አርተር ከነገሠ በኋላ ነው። መርሊን ለንጉሡ ሊነግረው የሚገባ አንድ ነገር እንዳለ ያውቃል፤ ምን እንደሆነ ግን አይመጣለትም። ስለ ጊኒቨርና ስለ ላንስሎት አስጠነቀቀው። እርሱ ራሱ በኒሙዌ እጅ እንደሚታሰርም ያውቅ ነበር፤ ሳይሸሽም ወደዚያው ሄደ። የቀረው የንጉሡ እናት ስም ነው። አርተር ከኢግሬን መወለዱን ባለማወቁ የእናቱ ልጅ ከሆነችው ከሞርጎዝ ጋር ተኛ፤ ሞርድሬድም ተወለደ። መንግሥቱ የፈረሰው በዚህ ልጅ ምክንያት ነው። መርሊን ስሙ ትዝ ሲለው ጊዜው ገና አላለፈም ነበር፤ ነገሩን ግን ለጠዋት ትቶ ተኛ።

እንዲህ ያለ ሊቅ ይህን እንዴት ይረሳል? ለእርሱ የመንግሥቱ መፍረስ የወጣትነት ትዝታው መሆኑን ልብ በሉ። ከወጣትነቱ ጀምሮ የሚያውቀውን ነገር ሌላው ሰው አልሰማውም ብሎ ማሰብ ለሊቅ ይከብደዋል። በጎጆው የጠየቀው ጥያቄ እዚህ ላይ ይመለሳል፤ ያን ቀን ያልነገረውን የነገረ መስሎት ነበር። እኛም በየክፍሉ ይህን ስሕተት እንሠራለን፤ የእኛ ስሕተት መንግሥት ባያፈርስም።

በመጽሐፉ ማብቂያ አርተር ሸምግሎ፣ በመጨረሻው ውጊያ ዋዜማ በድንኳኑ ተቀምጦ የመምህሩን ትምህርት ያስታውሳል። ቶም የሚባል አንድ ትንሽ አሽከር ይጠራና ሐሳቡን ይነግረዋል፤ ከውጊያው ቀርቶ ወደ አገሩ እንዲመለስና የሰማውን ለሌሎች እንዲናገር ያዝዘዋል። ይህ ልጅ አድጎ ቶማስ ማሎሪ እንደሚሆን አንባቢው ይረዳል።