ኮምፒውተሩ «ፋይል ጎድሎኛል» ሲላችሁ
(በእሑዱ ስብሰባችን ላይ የተደረገ ንግግር)

እህቶቼ፣ ማዳምን አስፈቅዳችሁ የመጣችሁም፣ በፍሪላንስ የምትሠሩም፣ ያለቻችሁን አንዲት እሑድ ስለሰጣችሁኝ አመሰግናለሁ። እኔ አሥረኛ ክፍል ድረስ የተማርኩ የቤት ሠራተኛ ነኝ፣ የኮምፒውተር ባለሙያ አይደለሁም። እንድናገር የተጠየቅኩት የማኅበራችንን ኮምፒውተር ያበላሸሁት እኔ ስለሆንኩ ነው። ካበላሸሁ በኋላ ግን እስኪገባኝ ድረስ ስጠይቅ ከርሜአለሁ።

ዶራ አጠገብ ያለውን ክፍላችንን ታውቁታላችሁ። ሁለት ኮምፒውተር አለን፣ ሁለቱም ሰው የሰጠን አሮጌ ናቸው። ኢንተርኔቱን ከታች ካለው ሱቅ ጋር ተጋርተን ነው የምንከፍለው። ራውተሩ እነሱ ጋ ነው፤ ለእኛ የወጣልን አንድ ኬብል ብቻ ነው፣ እሱም መስኮቱ ጋ ላለው ኮምፒውተር ይገባል። በር ጋ ያለው ሁለተኛው ዋይፋይ የለውም። እናም መስኮቱ ጋ ያለው ሁለት የኬብል መሰኪያ ስላለው፣ በአንዱ ኢንተርኔቱን ይቀበላል፣ በሌላው ለጓደኛው ያሳልፋል። ይህን የሚያደርገው ዊንዶውስ ውስጥ ያለ «ብሪጅ» የሚባል ነገር ነው፣ ድልድይ ማለት ነው። በፈረንጆቹ 2001 ከዊንዶውስ ኤክስፒ ጋር የመጣ ነው፣ አዲስ ነገር አይደለም።

ድልድዩ ለእኛ ቀልድ አይደለም። በ2022 ሐምሌ የሞባይል ዋጋ በዶላር ሂሳብ ከሆነ ወዲህ ስንቶቻችን ነን በስልካችን ዳታ ልጆቻችንን በቪዲዮ የምናይ? በር ጋ ያለው ኮምፒውተር ላይ ተራ ይዘን ነው የምናያቸው።

ባለፈው ክረምት አንድ እሑድ መብራት ጠፋ። የመንግሥቱም የለ፣ ኢሽቲራኩም ቆረጠ፣ ኮምፒውተሮቹ እንደበሩ ቀጥ አሉ። መብራት ሲመጣ በር ጋ ያለው ኢንተርኔት የለውም። መስኮቱ ጋ ወዳለው ሄጄ ድልድዩን እንደገና ልሠራ ስል አንድ መልእክት ወጣ፤ መጨረሻው «ዲኤልኤል» የሚል ፋይል አልተገኘም ይላል። ከኋላዬ አንዲት እህታችን የልጇ የልደት ቀን ነው፣ ኬኩ እዚያ ደሴ ተቆርጦ ሊያልቅ ነው፣ ቆማ ታለቅሳለች። ቸኮልኩ። የፋይሉን ስም ኢንተርኔት ላይ ጻፍኩት፣ «በነፃ አውርዱ» የሚል ገጽ መጣ፣ አወረድኩ። ከፋይሉ ጋር ደግሞ «አስተካካይ» የሚል ፕሮግራም ነበረበት። ዊንዶውስ «እርግጠኛ ነሽ?» ብሎ ጠየቀኝ። አዎ አልኩት። እሱ እንኳ ጠይቆኝ ነበር!

ድልድዩ አልተሠራም። ልጅቷም ልደቱን በእኔ ስልክ አየች። በሦስተኛው ቀን ደሴ ላለው ወንድሟ በእሷ ፌስቡክ «ሆስፒታል ነኝ፣ ለማንም አትንገር» የሚል መልእክት ደረሰው። እሱም ተበድሮ 20 ሺህ ብር በማያውቀው ሰው ሂሳብ አስገባ። እሷ በዚያ ሰዓት አሽረፍዬ አሠሪዋ ቤት በረንዳ እያጠበች ነበር፣ ፌስቡክ የከፈተችው ግን እሑድ ዕለት በእኛ ኮምፒውተር ነው። ኮምፒውተሩን ያየልን የስልክ ጠጋኝ፣ ያ አስተካካይ የተባለው ፕሮግራም የምንጽፈውን ፓስወርድ ሲለቅም እንደነበር አሳየን። ከዚያ ወዲያ ነው መጠየቅ የጀመርኩት።

ዲኤልኤል ምንድነው? ናብዓ አምስት ሆነን አንድ ክፍል ስንከራይ አንድ ምጣድ ነበረን። ሁሉም የየራሷን ሊጥ ታቦካለች፣ ምጣዱ ግን የጋራ ነው። ዲኤልኤል የኮምፒውተሩ የጋራ ምጣድ ነው፤ አንዱን ፋይል ብዙ ፕሮግራም ይጠቀምበታል፣ ያቺ ስትጠፋ እንጀራው ሁሉ ይቆማል። ለዚህ ነው አንድ ፋይል ጎድሎ ሌላ ሌላው የሚበላሸው። ድልድዩም ብቻውን አይቆምም። የኔትወርክ መስኮቱን የሚያሳየን «ኔትሼል» የሚባል ዲኤልኤል ነው። ድልድዩንና የኢንተርኔት መጋራቱን የሚያሰናዳው «ኤችኔትሲኤፍጂ» የሚባለው ነው። ትክክለኛውን የማሳለፍ ሥራ የሚሠራው ደግሞ «ብሪጅ ነጥብ ሲስ» የሚባል ድራይቨር ነው። ስማቸውን ሸምድዱ አልልም። መልእክት ላይ ስታዩአቸው የቤቱ ዕቃ መሆናቸውን እንድታውቁ ነው። የጋራ ምጣድ ሲሰበር ከመንገድ ላይ ከማይታወቅ ሰው ተቀብለን እሳት ላይ አንጥድም፤ እኔ ያደረግኩት ግን ያንን ነው።

ደግሞ ቫይረስ ባይኖርበት እንኳ የወረደው ፋይል ላይገጥም ይችላል። አንዱ ለ32 ቢት ነው፣ አንዱ ለ64፤ አንዱ የዊንዶውስ 7 ነው፣ አንዱ የ10። ስሙ አንድ ነው፣ ውስጡ ሌላ።

ትክክለኛው መንገድ ቀላል ሆኖ አገኘሁት፣ ተናደድኩም። ዊንዶውስ የራሱን ፋይሎች ቅጂ እዚያው ቤቱ ውስጥ ያስቀምጣል። ስታርት ላይ «ሲኤምዲ» ብላችሁ ጻፉ፣ በቀኝ ክሊክ እንደ አስተዳዳሪ ክፈቱት። ጥቁር መስኮት ይመጣል፣ አትደንግጡ። «ኤስኤፍሲ» ብላችሁ አንድ ክፍት ቦታ ተዉ፣ ወደ ቀኝ ያጋደለችውን ሰረዝ አድርጉ፣ ሳትለዩ «ስካንናው» ብላችሁ ጨምሩ። በላቲን ፊደል ጽፌ ግድግዳው ላይ ለጥፌዋለሁ። መቶ ፐርሰንት እስኪሞላ አታጥፉት፤ ቡና ከአቦል እስከ ቶና ሊያደርሳችሁ ይችላል። የተበላሸውን አግኝቶ ጠግኛለሁ ካለ ኮምፒውተሩን አጥፍታችሁ አብሩ። አግኝቼ መጠገን አልቻልኩም ካለ «ዲአይኤስኤም» የሚባል ሁለተኛ ትእዛዝ አለ፣ እሱ ጤነኛውን ቅጂ ከማይክሮሶፍት ያመጣል። እሱም ግድግዳው ላይ አለ። እኛ ግን ሌባው ቀድሞ ስለገባ ይህ ብቻ አልበቃንም፣ ጠጋኙ ፎርማት አድርጎ ዊንዶውሱን ከአዲስ ጫነው።

አሁን ድልድዩ እንዴት እንደሚሠራ ልንገራችሁ፣ ለእኔ በጣም የጣመኝ ይኼ ነው። ሕንፃ ሥር ያለውን ናጡር አስቡት። ማን የትኛው ደረጃ ላይ እንደሚኖር እያየ ይለምዳል። ዕቃ ሲመጣ ሳይከፍት አድራሻውን ብቻ አይቶ ወደሚገባበት ጎን ያሳልፋል። ድልድይም እንዲሁ ነው። በሁለቱ ኬብል የሚመጣውን እያየ የትኛው መሣሪያ በየትኛው ጎን እንዳለ ይማራል፣ ከዚያ ያሳልፋል። ስለዚህ በር ጋ ያለው ኮምፒውተር የራሱን አድራሻ በቀጥታ ከራውተሩ ይቀበላል። የራሱ ኢቃማ አለው በሉት።

ዊንዶውስ ላይ «ኢንተርኔት መጋራት» የሚባል ሌላ መንገድም አለ። በዚያኛው ሁለተኛው ኮምፒውተር ውጭ የሚታወቅ አድራሻ የለውም፣ በመጀመሪያው ስም ነው የሚወጣው የሚገባው። ከፊል ማለት ነው! ይህን ስነግራቸው የኮሚቴ ልጆች ሳቁብኝ፣ እውነቱ ግን ይኸው ነው። ሁለቱን መንገድ በአንድ መሰኪያ ላይ አንድ ላይ ማድረግ አይቻልም፣ መጋራቱ ከበራ ድልድዩ እንቢ ይላል። ብዙ የዋይፋይ ካርድም ድልድይ ውስጥ በደንብ አይሠራም፣ በኬብል ይሻላል።

አንድ ነገር ደግሞ አለ። «ብሪጅ ሚግ ፕለግኢን» የሚባል ዲኤልኤል ታገኛላችሁ። «ሚግ» የተባለው ማይግሬሽን ነው፣ ስደት። ዊንዶውስ ከአሮጌው ወደ አዲሱ ሲሸጋገር የድልድዩን ነገር ይዞ የሚሻገር ነው። የእኛው ሰው ነው፣ እንዳታጠፉት።

የአሠሪያችሁ ቤት ኮምፒውተር ላይ ግን ይህን አትሞክሩ። ድልድይ ሁለት ኔትወርክን አንድ ያደርጋል፣ አንዱ ጋ ያለ ችግር ወደ ሌላው መሻገሪያ ያገኛል። ቤቱ ውስጥ አንድ ነገር ቢበላሽ በማን እንደሚሳበብ ታውቃላችሁ።

ከመስከረም በፊት ባሉት እሑዶች በእኛ ኮምፒውተር ፌስቡክ ወይም ኢሜይል የከፈታችሁ ሁሉ ፓስወርዳችሁን ቀይሩ፣ በስልካችሁ ቀይሩ። ከሌላ ቦታ የተከፈተ ካለ ውጡ የሚለውን ተጫኑ። ሁለተኛ ማረጋገጫ ስታስገቡ በቁጥራችሁ ላይ ብቻ አትመኩ፤ ሲሙ በሌላ ሰው ስም የወጣ ብዙዎቻችን ነን፣ ካርድ ሳይሞላ ሲቀርም ቁጥሩ ይዘጋል። የመጠባበቂያ ኮዱን ወረቀት ላይ ጻፉና ፓስፖርት ቅጂያችሁ ጋ አኑሩት። ቤተሰቦቻችሁንም ንገሯቸው፤ «ታምሜአለሁ፣ ብር ላኩ» የሚል ጽሑፍ ሲመጣ ድምፃችሁን ሳይሰሙ እንዳይልኩ።

የእህታችንን ወንድም ብር ግማሹን ከማኅበሩ ሳጥን ከፍለናል። ግማሹን እኔ በየወሩ እየከፈልኩ ነው፣ ሁለት ወር ቀርቶኛል። እሷ ይቅር ብላኛለች፣ ዛሬም ከፊት ተቀምጣለች።

ድልድዩ አሁን ይሠራል፣ ግን መስኮቱ ጋ ያለው ኮምፒውተር ከጠፋ ወይም ካንቀላፋ በር ጋ ያለውም ይቆማል። እባካችሁ ጨርሻለሁ ብላችሁ አታጥፉት፣ መጀመሪያ በር ጋ ማን እንዳለ እዩ። ኮሚቴው አምስት መሰኪያ ያላት ትንሽ ስዊች ልግዛ ብሏል። እሷ ከገባች ኬብሉ ወደ እሷ ይገባል፣ ሁለቱ ኮምፒውተሮች ከእሷ ይቀበላሉ፣ አንዱ ቢጠፋ ሌላው አይቆምም። ለእሷ የምታዋጡ ስማችሁን በር ጋ ላለችው ልጅ አስመዝግቡ። ጥያቄ ያላችሁ እኔ እስከ አምስት ሰዓት እዚሁ ነኝ፣ ከዚያ በኋላ ማዳም ትጠብቀኛለች።