የኤንዮ ሞሪኮኔ የቅንብር ሙያ



ከሙዚቃ ትምህርት ቤት የሚመረቁ ብዙ ወጣቶች የመጀመሪያ እንጀራቸውን የሚያገኙት የራሳቸውን ድርሰት በማቅረብ ሳይሆን የሌላውን ዜማ በማቀናበር፣ ማለትም የትኛው መሣሪያ መቼ ገብቶ ምን እንደሚጫወት በመወሰን ነው። ይህ ሙያ ከድርሰት በታች መታየቱ ምን ያህል ስሕተት እንደሆነ የጣሊያናዊው የፊልም ማጀቢያ ሙዚቃ ደራሲ የኤንዮ ሞሪኮኔ የሥራ ዘመን ያስረዳል።

እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1928 በሮም ከትራምፔት ተጫዋች አባት የተወለደው ሞሪኮኔ፣ በሳንታ ቼቺሊያ ኮንሰርቫቶሪ መጀመሪያ ትራምፔት፣ ኋላም በጎፍሬዶ ፔትራሲ ሥር ድርሰት ተምሮ በ1954 ቢመረቅም፣ ቤተሰቡን ያስተዳደረው ለአርሲኤ የሸክላ ኩባንያ የጣሊያን ቅርንጫፍ ዘፈኖችን እያቀናበረ ነበር። ዜማውም ግጥሙም የሌላ ሰው በሆነበት ሥራ ለአቀናባሪው የሚተርፈው የድምፅ ቀለም ብቻ ስለሆነ፣ እርሱ ትኩረቱን ሁሉ በዚያ ላይ አሳረፈ፤ ስለ ጣሳ የተዘፈነ ዘፈን ሲያቀናብር የሚንከባለል ጣሳ ድምፅ እስከ ማስገባት ደርሷል።

ፍሬው የታየው በ1964 ነው። የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ጓደኛው የነበረው ዳይሬክተር ሰርጂዮ ሊዮኔ «ለእፍኝ ዶላር» የተባለውን ፊልም ሲያዘጋጅ፣ ሞሪኮኔ ቀደም ሲል ለአንድ አሜሪካዊ ድምፃዊ ያቀናበረውን የዉዲ ጋትሪ ዘፈን ሰምቶ ዘፋኙ ወጥቶ አጀቡ እንዲቀርለት ጠየቀ፤ ጅራፉ፣ ደወሉና የወንዶቹ ኅብረ ድምፅ ባሉበት ጸንተው በዘፋኙ ቦታ የአሌሳንድሮ አሌሳንድሮኒ ፉጨት ገባ። ዓለም የካውቦይ ፊልም ድምፅ ብሎ የተቀበለው፣ እንግዲህ፣ ዘፋኙ የተነሳለት አጀብ ነበር። በፊልሙ ላይ የሰፈረው የሙዚቃ ደራሲ ስም ግን ዳን ሳቪዮ ይላል፤ ሊዮኔም ቦብ ሮበርትሰን ተብሏል፤ ሥራው ከአሜሪካ የመጣ እንዲመስል ታስቦ ነው። ለፊልም መጻፍ በኮንሰርቫቶሪው ዓለም እንደ ውርደት ይቆጠር ስለነበር ለሞሪኮኔ መሸሸጊያው ሳይመቸው አልቀረም።

በተለመደው አሠራር ሙዚቃው የሚጻፈው ምስሉ ተቆርጦ ከተቀጠለ በኋላ በመሆኑ ለደራሲው የሚሰጠው በሰከንድ የተለካ ቦታ ነው። በ1968 ለወጣው «ከዕለታት አንድ ቀን በምዕራብ» ግን ዋና ዋናዎቹ ዜማዎች ከቀረጻው በፊት ተጽፈው ስለነበር፣ ሊዮኔ ሙዚቃውን በቀረጻው ቦታ እያሰማ ተዋንያኑንና ካሜራውን በዚያ ምት ይመራ ነበር፤ አንድ ዳይሬክተር ለሙዚቃ ደራሲ ከዚህ የበለጠ እምነት ሊሰጥ መቻሉ ያጠራጥራል።

ስለ ሽልማቶቹ ማብዛት አያስፈልግም፤ በ2007 የክብር ኦስካር፣ በ2016 ደግሞ ለኩዌንቲን ታራንቲኖ ፊልም በጻፈው ሙዚቃ ኦስካር አግኝቷል። ይልቅ ለዛሬ ተመራቂዎች የሚጠቅመው የአሠራሩ ነገር ነው። በሆሊውድ ደራሲው ዋናውን ሐሳብ ጽፎ ለኦርኬስትራ መሣሪያዎች የማከፋፈሉን ሥራ ለሌላ ባለሙያ መስጠቱ የተለመደ ሲሆን፣ ከ400 በላይ ለሚሆኑ የፊልምና የቴሌቪዥን ሥራዎች ሙዚቃ የደረሰው ሞሪኮኔ ግን ይህን ልማድ ሳይቀበል፣ ያለ ፒያኖ ከጠረጴዛው ተቀምጦ የእያንዳንዱን መሣሪያ ኖታ በገዛ እጁ ይጽፍ ነበር።