ለማያይ ሰው የሚናገር ድምፅ

ዛሬ ስለ አንድ የስፖርት ኮሜንታተር ላወራችሁ ነው። «ፓስተር፣ ቦክስና ወንጌል ምን አገናኛቸው?» እንዳትሉኝ። ጳውሎስም በ1ኛ ቆሮንቶስ 9፥26 ራሱን ከቦክሰኛ ጋር አመሳስሎ፣ ዝም ብሎ አየር ላይ እንደማይሰነዝር ይናገራል።

ሰውየው ኻይሜ ኻሪን ይባላል። የተወለደው ኢኳዶር ነው። እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1955፣ ገና ወጣት ሳለ፣ ወደ ሎስ አንጀለስ ሄደ። ከ1959 እስከ 2022 የዶጀርስ ቤዝቦል ቡድንን ጨዋታዎች በስፓኒሽ አስተላለፈ። ከ30 በላይ የዓለም ሻምፒዮና የቦክስ ግጥሚያዎችንም አስተላልፏል። በ1975 መሐመድ አሊና ጆ ፍሬዘር ፊሊፒንስ ላይ 14 ዙር ሲደባደቡ፣ የፍሬዘር ዓይን አብጦ አሰልጣኙ ፍልሚያውን ሲያስቆም፣ ያንን ለስፓኒሽ ተናጋሪዎች ያደረሰው እሱ ነው።

በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ግን ቡድኑ ወደ ሌላ ከተማ ሲሄድ እሱ አብሮ አይሄድም ነበር። ስቱዲዮ ቁጭ ብሎ የእንግሊዝኛውን ስርጭት ይሰማል፤ የሰማውን ወዲያው በስፓኒሽ ይናገራል። እስቲ አስቡት! ከራሱ ቢጨምር አድማጩ ይሳሳታል። ዝም ቢል አድማጩ ጨለማ ውስጥ ይቀራል።

ወገኖቼ፣ የምስክር ሥራ ይኼ ነው። መጀመሪያ መስማት፣ ከዚያ ሳይጨምሩ ሳይቀንሱ ሰው በሚገባው ቋንቋ መናገር።

አንድ ነገር ልናዘዝ። ከመጽሐፍ ቅዱስ ኮሌጅ በተመረቅሁ ሰሞን ባለቤታቸው የሞቱባቸውን አንዲት ጎረቤታችንን ላጽናና ሄድኩ። ስለ ጽድቅ፣ ስለ ቅድስና፣ ስለ ስርየት አንድ ሰዓት ሙሉ ተናገርኩ። ስጨርስ ቀና ብለው አዩኝና፣ «ልጄ፣ ጥሩ ተናገርክ። ግን እግዚአብሔር እኔን ያውቀኛል?» አሉኝ።

መልስ አጣሁ። ያልኩት ሁሉ እውነት ነበር፤ ግን በእኔ ቋንቋ እንጂ በእሳቸው ቋንቋ አልነበረም። ያን ቀን አየር ስደበድብ ነው የዋልኩት። በማግስቱ ተመልሼ፣ እናቴ በሞተች ጊዜ ጌታ እንዴት እንዳጽናናኝ ብቻ ነገርኳቸው። አለቀሱ፤ እኔም አለቀስኩ።

እኛ በልሳን የምንጸልይ ሰዎች ነን፤ ስለዚህም እግዚአብሔርን እናመሰግናለን። ነገር ግን 1ኛ ቆሮንቶስ 14ን ደግመን እናንብብ። እዚያ ጳውሎስ ለማይገባው ሰው ይሟገታል፤ የሚተረጉም ከሌለ ሰውየው ባዕድ ሆኖ ይቀራል።

አንተ ወንድሜ፣ አንቺ እህቴ፣ ዛሬ አጠገባችሁ ማየት ያልቻለ ሰው አለ። ምናልባት የገዛ ልጃችሁ ነው። ጌታ ያደረገላችሁን በቤት ቋንቋ፣ በአጭሩ ንገሩት። ያላያችሁትን አትጨምሩ፤ ያያችሁትን አትደብቁ።

ጌታ ሆይ፣ ጆሯችንን ክፈት፤ አንደበታችንንም ታማኝ አድርግ። በኢየሱስ ስም፣ አሜን።