ነፍስ በወሬ አትጠግብም

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፥ አሜን።

ዛሬ የምንነጋገረው ነፍስ ስለምትመገበው ነገር ነው።

ከጥቂት ጊዜ በፊት አንድ ተማሪ ከሠርክ ጸሎት በኋላ ወደ እኔ መጥቶ፥ «መምሬ፥ አንድ ፍልስፍና አግኝቻለሁና ይስሙኝ» አለኝ። ፍልስፍናውም ይህ ነበር፤ «ሰው ከነገሩ ከራሱ ደርሶ አያውቅም፤ የሚደርሰው ከነገሩ ወሬ ነው። ገበሬው አባቱ የነገረውን፥ ነጋዴው ገበያ ያወራውን፥ ሹሙ አወዳሽ የሚለውን እየተመገበ ይኖራል። እንግዲያስ ወሬው እውነት ነው ወይስ ሐሰት ብሎ መጠየቅ ከንቱ ድካም ነው፤ ከጣመና ካጠገበ ይበቃል።»

ልጁ ቅን ነው፤ የተናገረውም በትሕትና ነበርና አልተቈጣሁትም። «ልጄ፥ የነገርኸኝ ሁለት ነገር ነው፤ ፊተኛውን እቀበልሃለሁ፥ ኋለኛውን ግን አልቀበልህም» አልሁት። ያን ዕለት የመለስሁለትን ዛሬ ለእናንተም እነግራችኋለሁ።

ሰው ቃል እየተመገበ ይኖራል ማለቱ እውነት ነው። ሙሴ በኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 8፥ እስራኤል በምድረ በዳ የተራቡትና መና የበሉት፥ ሰው በእንጀራ ብቻ የሚኖር ፍጥረት እንዳይደለ ያውቁ ዘንድ መሆኑን ያስረዳቸዋል። ጌታችንም በገዳመ ቆሮንቶስ ድንጋዩን እንጀራ አድርግ ላለው ለፈታኙ ይህንኑ መልሶለታል። ነቢዩ ሕዝቅኤል የመጽሐፍ ጥቅልል እንዲበላ ታዝዞ በላ፤ በአፉም እንደ ማር ጣፈጠው። ዮሐንስ በራእዩ ምዕራፍ 10 ከመልአኩ እጅ ተቀብሎ የበላት ታናሽ መጽሐፍ ግን በአፉ ጣፍጣ በሆዱ መረረችው።

ይህን ልብ በሉ። የእውነት ቃል በጆሮ ሲገባ ይጣፍጣል፤ ወደ ውስጥ በዘለቀ ጊዜ ግን ንስሓ ግባ፥ የወሰድኸውን መልስ፥ የበደልኸውን ካስ ይላልና ይመራል። እንግዲህ የምግብ መመዘኛው ጣዕም ብቻ ከሆነ፥ ሰው የሚያድነውን ቃል ስለ መረረው ተፍቶ የሚገድለውን ይመርጣል ማለት ነው።

ሐዋርያው ጳውሎስ በአቴና ያገኛቸው ሰዎች እንዲህ ያሉ ነበሩ። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 17 እንደ ተጻፈው፥ ኤፊቆሮሳውያንና ኢስጦኢኮች የሚባሉ ፈላስፎች ባሉባት በዚያች ከተማ፥ ሰዎቹ ሌላ ሥራ የሌላቸው ይመስል አዲስ ነገር ሲያወሩና ሲሰሙ ይውሉ ነበር። ጳውሎስንም ወደ አርዮስፋጎስ የወሰዱት የተራበ ጆሮአቸውን ያጠግብላቸው ዘንድ ነው። እርሱ ግን የሙታንን ትንሣኤ ሲነግራቸው፥ ያ ቃል ሕይወታቸውን የሚጠይቅ ሆነና እኵሌቶቹ አፌዙበት፤ ሌሎቹም ሌላ ቀን እንሰማሃለን አሉት። ዲዮናስዮስና ደማሪስ ከሌሎች ጥቂቶች ጋራ አመኑ። ሁሉም አንድ ቃል ሰሙ፤ የተመገቡት ግን ጥቂቶች ናቸው።

ወሬን መመገብ ክርስቲያንንም ያገኘዋል። በአውሮፓ አቆጣጠር በ387 ዓ.ም. የአንጾኪያ ሕዝብ በአዲስ ግብር ተቈጥቶ የንጉሡን የቴዎዶስዮስን ምስል ሰባበረ። ሊቀ ጳጳሱ ፍላብያኖስ በሽምግልናው ምሕረት ሊለምን ወደ ቍስጥንጥንያ ሲሄድ፥ ያን ጊዜ ቄስ የነበረው ዮሐንስ አፈወርቅ ሕዝቡን በዐቢይ ጾም ያስተምር ነበር። ወታደር መጣብን የሚል ወሬ ቢነዛ ከተማዋ ተሸበረች፤ ገዢው ራሱ ቤተ ክርስቲያን ገብቶ ሕዝቡን እስኪያረጋጋ ድረስ ደረሰ። ዮሐንስም ይህን ያህል ቃለ እግዚአብሔር ሰምተው በአንድ ወሬ በመናወጣቸው ወቀሳቸው። ደግሞም ከሥጋ ከዓሣ ተከልክሎ ወንድሙን በአንደበቱ የሚነክስና የሚበላ ሰው ጾመ አይባልም ብሎ አስተማራቸው።

ምእመናን ሆይ፥ ይህን የምነግራችሁ ከመጽሐፍ አንብቤ ብቻ አይደለም፤ እኔ ራሴ በድዬበታለሁ። ከብዙ ዓመት በፊት በዐቢይ ጾም በአንድ ጽዋ ማኅበር ተቀምጠን ሳለን፥ ለማኅበሩ ጠላ የሚጠምቁ አንዲት መበለት ከተሰጣቸው እህል ሁለት ቍና አስቀርተዋል ተባለ። ወሬውን የጀመርሁት እኔ አይደለሁም። ነገር ግን ዝም ብዬ ሰማሁ፤ በማግሥቱም ለጥንቃቄ ያህል ብዬ ለአንድ ሰው ነገርሁት። መበለቲቱ ከቤተ ክርስቲያን ቀሩ። በትንሣኤ ሌሊት ዘወትር ከሚቆሙበት ቦታ አጣኋቸው።

ከፋሲካ በኋላ የማኅበሩ መዝገብ ሲመረመር፥ ጐደለ የተባለው እህል ከመጀመሪያውም ያልተሰፈረ ሆኖ ተገኘ። ወደ ቤታቸው ሄጄ፥ «እናቴ፥ ስለ እግዚአብሔር ይቅር ይበሉኝ» ብዬ ከእግራቸው ወደቅሁ። እርሳቸውም ጥቂት ዝም አሉና፥ «መምሬ፥ እኔ እህሉን አልበላሁም፤ እናንተ ግን በጾም እኔን በላችሁኝ» አሉኝ። ቀጥለውም «ይቅር ለእግዚአብሔር» ብለው አነሡኝ።

በሚቀጥለው የማኅበር ቀን ቆሜ በደሌን ተናገርሁ፤ ወሬውን ወደ ነገርሁት ሰው ቤትም ሄጄ እውነቱን ነገርሁት። እርሱ ግን ለሦስት ሰዎች ነግሮ ኖሯል። ሁለቱን አገኘኋቸው። ሦስተኛው ወደ ሩቅ አገር ሄዷልና አላገኘሁትም፤ በዚያ ሰው ልብ ውስጥ እኒያ ንጹሕ እናት ዛሬም ሌባ ናቸው።

ለተማሪውም፥ «ልጄ፥ ካጠገበ ይበቃል ብለሃል። የጠገብነው እኛ ነበርን፤ የተበሉት ግን እርሳቸው ናቸው። እውነት ነው ወይስ ሐሰት የሚለው ጥያቄ ከንቱ ድካም የሚሆነው በማዕዱ ላይ የቀረበ ሰው ከሌለ ነው» አልሁት። ልጁም አንገቱን ደፍቶ፥ «ታዲያ፥ መምሬ፥ ሰው በምን ይለያል?» አለኝ።

እኔም የኔታ ያስተማሩኝን ነገርሁት። በልጅነቴ ደበሎ ለብሼ፥ አኩፋዳ አንግቼ፥ ቁራሽ እየለመንሁ የተማርሁ ነኝ። ማታ ያመጣነውን ስንካፈል የኔታ፥ «ይህ ከማን ቤት ነው?» ይሉን ነበር፤ እኛም የሰጪውን ቤት እንናገራለን። ከዚያም፥ «የእንጀራውን ቤት ታውቃላችሁ፤ ስታወሩት የዋላችሁትን ወሬስ ከማን ቤት ለመናችሁት?» ይሉናል። ያን ጊዜ ቀልድ ይመስለኝ ነበር። ኋላ ግን ከቅኔውም ከዜማውም ይልቅ የጠቀመኝ ይህ ጥያቄ ሆነ።

ስለዚህ ዛሬ፥ ወሬ ደጅ ሳይመታ በእጅ ስልክ ወደ ቤታችን በሚገባበት ዘመን፥ ከመቅመሳችን በፊት ከማን ቤት እንደ መጣ እንጠይቅ። የመጣበት ቤት ካልታወቀ ለሌላ አናጕርስ። ቀድሞ ያጐረስነው ካለም፥ እግራችን እስከ ደረሰበት ድረስ ሄደን እንመልስ።

ጌታችን የራሱን ዜና ብቻ ትቶልን አልሄደም። በመጨረሻይቱ ማታ ኅብስቱን ባርኮ ቈርሶ ሥጋውንና ደሙን ሰጠን። የማዕዱን ወሬ እየሰማ ከደጅ የቆመ ሰው እንደ ተራበ ይመለሳል። ወደ ማዕዱ ልንቀርብ የምንወድ እንግዲህ አስቀድመን በአንደበታችን የበላነውን ወንድም፥ የበላናትን እኅት ይቅርታ እንጠይቅ።

አንደበታችንን ከሐሜት፥ ጆሮአችንን ከከንቱ ወሬ ይጠብቅልን፤ ያላገኘናቸውንም እርሱ በቸርነቱ ያግኝልን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፥ አሜን።